የዲግሪ ዋጋ የሚወሰነው የት ነው? የከፍተኛ ትምህርት ሚዛን ከጅማ ሲታይ

የ12ኛ ክፍል ውጤት በተለቀቀ ቁጥር ጅማ ውስጥ ሁለት አባባሎች ይደጋገማሉ። አንዱ «ዩኒቨርሲቲ የሚገባ ልጅ ጠፋ» የሚል ነው። ሌላው «የገባውስ ተመርቆ ሥራ አላገኘ፤ መማር ምን ይጠቅማል?» የሚል ነው። ሁለቱም ብዙ ጊዜ ከአንድ ሰው አፍ ይሰማሉ፤ ወላጆችም ልጃቸውን ለመምከር ሲቀመጡ ከሁለቱ መካከል ግራ ይጋባሉ። የመጀመሪያው አባባል ስለ መግቢያው ነው፤ ሁለተኛው ስለ መውጫው ነው። አንድ ላይ ሲደባለቁ «በሩ ጠቧል፣ ከበሩ ወዲያም ምንም የለም» ወደሚል ተስፋ መቁረጥ ያደርሳሉ።

ዲግሪ ዛሬም ለያዘው ሰው ጥቅም አለው። ጥቅሙ ግን ለሁሉም እኩል አይደርስም። ለማን እንደሚደርስ የሚለየውም ከዩኒቨርሲቲው በር ብዙ ቀድሞ ነው። የክርክሩ ትኩረት ፈተናው ላይና ምረቃው ላይ ብቻ በመሆኑ፣ በመካከል ያሉት ማጣሪያዎች ሳይታዩ ያልፋሉ።

ቁጥሮቹ እንዴት ይነበባሉ?

የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና ለመጀመሪያ ጊዜ በዩኒቨርሲቲ ግቢዎች ውስጥ የተሰጠው በጥቅምት 2015 ዓ.ም. ለ2014 ተፈታኞች ነው። ለውጡ የመጣው ፈተናው ለዓመታት በስርቆትና በመረጃ ማፈትለክ ሲታማ ስለቆየ ነው። በ2008 ዓ.ም. ፈተናው በማኅበራዊ ሚዲያ ተሰራጭቶ እስከ መሰረዝ የደረሰበት አጋጣሚ ብዙዎች ያስታውሱታል።

በአዲሱ አሠራር ከተፈተኑት 896,520 ተማሪዎች 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 29,909 ብቻ ነበሩ፤ 3.3 በመቶ ማለት ነው። በ2015 ከ845,099 ተፈታኞች 27,267 አለፉ፤ 3.2 በመቶ። በ2016 ወደ 5.4 በመቶ ከፍ ብሎ 36,409 ተማሪዎች አለፉ። በ2017 ከ585,882 ተፈታኞች 48,929 አልፈው መጠኑ 8.4 በመቶ ደረሰ።

መቶኛው በሦስት ዓመት ከሁለት እጥፍ ተኩል በላይ ማደጉ እውነተኛ መሻሻል ያሳያል። ነገር ግን መቶኛውን ከፍ ያደረገው የአላፊዎች መብዛት ብቻ አይደለም፤ የተፈታኞች ቁጥር ከ300 ሺህ በላይ መቀነሱም ነው። የ2017ቱ 48,929 አላፊዎች በ2014ቱ የተፈታኝ ብዛት ቢሰሉ 5.5 በመቶ ይሆናሉ። ተፈታኙ የቀነሰው በከፊል ቀድሞ የተጠራቀሙ ተፈታኞች በማለቃቸው ሊሆን ይችላል፤ በከፊል ደግሞ በግጭት ምክንያት ትምህርት በተቋረጠባቸው አካባቢዎች ብዙ ልጆች ለፈተና ባለመድረሳቸው ነው። ፈተና ላይ ያልተቀመጠ ልጅ በመቶኛው ውስጥ አይቆጠርም፤ ከትምህርት መራቁ ግን ከወደቀው ልጅ የባሰ ነው።

ከመቶኛው ይልቅ ስለ እኩልነት የሚናገረው ሌላ ቁጥር ነው። በ2015 ተማሪዎች ካስፈተኑት 3,106 ትምህርት ቤቶች ውስጥ 1,328ቱ አንድም ተማሪ አላሳለፉም። ከአሥር ትምህርት ቤቶች ከአራት በላይ ማለት ነው። ውድቀቱ በተማሪ ስንፍና ብቻ የመጣ ቢሆን ኖሮ በየትምህርት ቤቱ ተበትኖ ይታይ ነበር። በአንድ ትምህርት ቤት ውስጥ ያለ ልጅ ሁሉ አብሮ ሲወድቅ ግን መመርመር ያለበት ትምህርት ቤቱ ነው።

ዲግሪ ለምን ዋጋ ይኖረዋል?

የምጣኔ ሀብት ምሁራን በዚህ ጉዳይ ሁለት አስተሳሰቦች አሏቸው። አንደኛው «ሂዩማን ካፒታል» ይባላል። በጋሪ ቤከርና በቴዎዶር ሹልትዝ ሥራዎች የታወቀው ይህ አስተሳሰብ ትምህርትን በሰው ላይ እንደሚፈስ መዋዕለ ንዋይ ያየዋል። ተማሪው ክህሎት ያገኛል፤ ክህሎቱ ምርታማ ያደርገዋል፤ ምርታማነቱ ደመወዙን ያሳድጋል። ሁለተኛው «ሲግናሊንግ» ወይም የምልክትነት አስተሳሰብ ነው። ማይክል ስፔንስ በ1973 እ.ኤ.አ. እንዳቀረበው፣ ቀጣሪ የአመልካቹን ችሎታ አስቀድሞ ማየት ስለማይችል ዲግሪውን እንደ ምልክት ይወስዳል። ይህን ከባድ መንገድ የጨረሰ ሰው ትጉህና ብቁ ሳይሆን አይቀርም ብሎ ይገምታል።

ልዩነቱ የምሁራን ጨዋታ ብቻ አይደለም። የዲግሪ ዋጋ ከክህሎት የሚመጣ ከሆነ መፍትሔው የተሻለ ማስተማር ነው። ከምልክትነት የሚመጣ ከሆነ ግን ምልክቱን የያዘው ሰው ሲበዛ ዋጋው ይወርዳል። በኢትዮጵያ የሆነው ሁለቱን ያደባለቀ ነው። የመንግሥት ዩኒቨርሲቲዎች በሁለት አሥርት ዓመታት ውስጥ ከጥቂቶች ተነስተው ከ40 በላይ ሆኑ። ተመራቂው በፍጥነት በዛ፤ የመምህራን ብቃት፣ ቤተ ሙከራና መጽሐፍ ግን በዚያው ፍጥነት አልጨመሩም። ስለዚህ ዲግሪ እንደ ምልክት ረከሰ፣ የሚያስጨብጠው ክህሎትም በብዙ ቦታ ሳሳ። ቀጣሪዎች የሰጡት ምላሽ በየማስታወቂያው ይታያል፦ «የሁለት ዓመት የሥራ ልምድ»፣ የጽሑፍ ፈተና፣ የተግባር ፈተና። ዲግሪው ብቻውን ያሳምናቸው የነበረውን በሌላ ምልክት ተኩት።

ያም ሆኖ «ዲግሪ ምንም አይጠቅምም» የሚለው ድምዳሜ አይጸናም። ከሰሃራ በታች ባሉ አገሮች የተሠሩ ጥናቶች በተደጋጋሚ የሚያሳዩት፣ የከፍተኛ ትምህርት የግል ጥቅም ከሌሎች የዓለም ክፍሎች ይልቅ በዚህ አካባቢ ከፍ ያለ መሆኑን ነው። ምክንያቱ ግልጽ ነው፤ ዲግሪ ያለው ሰው ከሕዝቡ አንጻር አሁንም ጥቂት ነው። ከመስከረም 2018 ጀምሮ ሥራ ላይ በዋለው የመንግሥት ሠራተኞች የደመወዝ ስኬል የጀማሪ ባለዲግሪ ደመወዝ ከ9,056 ብር ወደ 11,500 ብር ከፍ ብሏል፤ ዝቅተኛው ደመወዝ 6,000 ብር ነው። በቤት ኪራይና በእህል ዋጋ ሲታይ 11,500 ብር አያወላዳም፤ የጤና ባለሙያዎች በግንቦት 2017 ያነሱት የደመወዝ ጥያቄም ይህንኑ ይናገራል። ግን ልዩነቱ አልጠፋም፤ ባለዲግሪው የሚጀምረው ከዝቅተኛው ተከፋይ ሁለት እጥፍ ገደማ ላይ ነው።

የሥራ አጥነቱ ቅሬታም እውነት አለው። ሆኖም በሁሉም ሙያ አንድ ዓይነት አይደለም፤ እንደ ትምህርት ክፍሉና እንደ ተቋሙ ይለያያል። ስለዚህ «ዲግሪ ይጠቅማል ወይ?» ከማለት ይልቅ «የትኛው ዲግሪ፣ ከየት፣ ለማን?» ብሎ መጠየቅ ይሻላል።

9ኛ ክፍል፣ ቋንቋና የቡና ወቅት

በጅማ ዞን የዩኒቨርሲቲ ዕድል መጥበብ የሚጀምረው በ9ኛ ክፍል ነው። በኦሮሚያ የመንግሥት ትምህርት ቤቶች ከ1ኛ እስከ 8ኛ ክፍል ትምህርቱ በአፋን ኦሮሞ ይሰጣል፤ በጅማ ከተማ በአማርኛ የሚማሩ ልጆችም አሉ። ልጅ በሚናገረው ቋንቋ መጀመሩ ትክክል ነው፤ ለመረዳት የሚበጀውም እሱ ነው። ችግሩ ያለው መሸጋገሪያው ላይ ነው። በ9ኛ ክፍል ሒሳብ፣ ፊዚክስ፣ ኬሚስትሪ፣ ባዮሎጂ፣ ጂኦግራፊ፣ ታሪክ ሁሉም በአንድ መስከረም ወደ እንግሊዝኛ ይዞራሉ። እስከዚያ እንግሊዝኛን እንደ አንድ ትምህርት ብቻ የተማረ ልጅ የፊዚክስ ጥያቄን ለመሥራት አስቀድሞ የጥያቄውን ቋንቋ መረዳት አለበት። በብሔራዊ ፈተና አራት መስመር የሚሞላ የእንቅስቃሴ ጥያቄ ሲመጣ ፍጥነትን የማስላት ችሎታው ሳይለካ ጊዜው በንባብ ያልቃል።

በከተማው ያሉ የግል ትምህርት ቤቶች ሒሳብና ሳይንስን ከታችኛው ክፍል ጀምሮ በእንግሊዝኛ ያስተምራሉ። ሁለቱ ልጆች 12ኛ ክፍል ላይ አንድ ወረቀት ይፈተናሉ፤ አንደኛው ግን በፈተናው ቋንቋ በሰባትና በስምንት ዓመት ይቀድማል። ክፍያውን መቻልና አለመቻል የፈተና ውጤት ሆኖ የሚወጣው በዚህ መንገድ ነው።

በቡና አብቃይ ወረዳዎች ሌላ ጫና ይጨመራል። በጎማ፣ በማና፣ በሊሙ ኮሳና በጌራ እሸት ቡና በብዛት የሚለቀመው ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ ነው፤ በቆላማው ቀደም ይላል፣ በደጋማው እስከ ጥር ይዘልቃል። የለቀማ ሥራ ለቅዳሜና እሑድ አይቆይም። ፍሬው ቀልቶ ከዛፉ ላይ ከቆየ ይረግፋል ወይም ይደርቃል፤ ተለቅሞም ለታጠበ ቡና የሚሸጠው በዚያው ቀን መፈልፈያ ጣቢያ ካልደረሰ ይቦካና ደረጃው ይወርዳል። ስለዚህ በለቀማ ሳምንታት በቤቱ ያለ እጅ ሁሉ ይፈለጋል። ልጁ ከክፍል የሚቀረው ቤተሰቡ ትምህርትን ስለናቀ አይደለም፤ የዓመቱ ገቢ በእነዚያ ቀናት ላይ የተንጠለጠለ በመሆኑ ነው።

የጊዜው ግጥምጥሞሽ ክፉ ነው። 9ኛ ክፍል የገባው ልጅ በእንግሊዝኛ መማር የሚለምደው በእነዚያው ወራት ነው። የሒሳብ ትምህርት በስብስቦችና በቁጥር ሥርዓት ይጀምራል፤ ፊዚክሱ በመለኪያ አሃዶችና በቀጥታ መስመር እንቅስቃሴ። ቀጥሎ የሚመጣው ሁሉ በእነዚህ ላይ ይቆማል። ሦስት ሳምንት ከክፍል የቀረ ልጅ ሲመለስ ያመለጠው አሥራ አምስት የትምህርት ቀን ብቻ አይደለም፤ የቀሩትን ወራት የሚከፍትለት ቁልፍ አምልጦታል። አንድ የታሪክ ምዕራፍ ቢያልፈው ሌላውን ያነባል፤ የአሃድ ልወጣ ካመለጠው ግን እስከ 12ኛ ክፍል ይከተለዋል።

የቡና ዋጋ መጨመር በዚህ ላይ ሁለት ተቃራኒ ኃይሎች አሉት። የዓለም የቡና ዋጋ በ2017 ዓ.ም. አጋማሽ ታይቶ የማይታወቅ ደረጃ ደርሶ ነበር። ገበሬው ጥሩ ሲሸጥ ለደብተር፣ ለዩኒፎርም፣ ከተማ ተከራይቶ ለሚማር ልጁ የሚልከው ገንዘብ ያገኛል። በዚያው መጠን ግን የልጁ የአንድ ቀን ጉልበት ዋጋ ይጨምራል። ባለሙያዎች «ኦፖርቹኒቲ ኮስት» የሚሉት ይህን ነው፤ አንዱን በመምረጥ የሚቀር የሌላው ገቢ። ተማሪ በመሆኑ ሳያገኘው የሚቀረው ገንዘብ ከደብተርና ከብዕር ወጪው ይበልጣል። የትኛው ኃይል ያሸንፋል የሚለው በቤተሰቡ አቅም ይወሰናል። ሠራተኛ መቅጠር የሚችል ባለ ሰፊ ማሳ ልጁን ትምህርት ቤት ያቆያል፤ ትንሽ ማሳ ያለው ወይም ለሰው የሚለቅም ቤተሰብ አይችልም። አንድ ዓይነት የዋጋ ጭማሪ አንዱን ልጅ ወደ ዩኒቨርሲቲ ይገፋል፣ ሌላውን ከክፍል ያወጣል።

ሬሜዲያል ምን ያህል ይጠግናል?

«ሬሜዲያል» ማለት 50 በመቶ ሳያመጡ ነገር ግን የተቀመጠውን ዝቅተኛ ነጥብ ያሟሉ ተማሪዎች ዩኒቨርሲቲ ገብተው የሁለተኛ ደረጃ ትምህርቶችን እንደገና የሚማሩበት የማካካሻ ፕሮግራም ነው። የመጀመሪያው ዙር ከ100 ሺህ በላይ ተማሪዎችን የተቀበለ ነበር። ከውጤቱ 70 በመቶ የሚያዘው በማዕከል በሚዘጋጅ ፈተና ነው፤ 30 በመቶው በዩኒቨርሲቲው ምዘና። ድምሩ 50 ከሆነ ተማሪው ወደ መጀመሪያ ዓመት ያልፋል። መቁረጫ ነጥቡ ለሴቶች፣ ለአካል ጉዳተኞችና ለአርብቶ አደር አካባቢዎች ዝቅ ይላል።

ሐሳቡ ጥሩ ነው፤ ልጁ የወደቀው በችሎታ ማነስ ነው ወይስ በመማሪያ ማጣት የሚለውን ለመለየት ሁለተኛ ዕድል ይሰጣል። ደካማ ጎኑ ግን አራት ዓመት የተጠራቀመን ክፍተት በጥቂት ወራት ለመሙላት መሞከሩ ነው። የ9ኛ ክፍል መሠረት የጎደለው ልጅ በሬሜዲያል የሚያገኘው የ11ኛና የ12ኛ ክፍል ክለሳ ነው። ተጠቃሚ የሚሆነው 45 አካባቢ አምጥቶ በጥቂት የቀረበት ተማሪ እንጂ ከትምህርት ቤቱ ጋር አብሮ የወደቀው አይደለም።

በግቢው ውስጥ ያለው ሁለተኛ ማጣሪያ

ጅማ ዩኒቨርሲቲ በ1992 ዓ.ም. የጅማ ግብርና ኮሌጅንና የጅማ ጤና ሳይንስ ኢንስቲትዩትን በማዋሃድ የተመሠረተ ነው። ዛሬ የምርምር ዩኒቨርሲቲ ተብለው ከተለዩት ስምንት ተቋማት አንዱ ነው። በቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩቱ ኪቶ ፉርዲሳ፣ በግብርናው ግቢም ሆነ በዋናው ግቢ የሚማር ተማሪ በር ላይ ያለፈው ፈተና የመጨረሻው አይደለም።

የመጀመሪያው ዓመት «ፍሬሽማን» ይባላል። ተማሪው በተፈጥሮ ወይም በማኅበራዊ ሳይንስ ዘርፍ የጋራ ኮርሶችን ይወስዳል፦ የእንግሊዝኛ ክህሎት፣ ሒሳብ፣ አመክንዮ፣ ሥነ ልቦና፣ ጂኦግራፊና የመሳሰሉትን። ከዚያ ወደ ትምህርት ክፍል የሚመደበው በምርጫው ነው ይባላል፤ ምርጫው የሚሠራው ግን ውጤቱ ከፈቀደ ብቻ ነው። ሕክምና፣ ፋርማሲ፣ ሶፍትዌር፣ ሕግና አካውንቲንግ ፈላጊያቸው ብዙ፣ ቦታቸው ጥቂት ነው። ጂፒኤው፣ ማለትም የኮርሶቹ አማካይ ውጤት፣ ዝቅ ያለው ተማሪ በምርጫ ዝርዝሩ ወደ ታች ይወርድና ሌሎች የተዉት ክፍል ውስጥ ይመደባል።

ይህ በወረቀት ላይ ፍትሐዊ ይመስላል፤ ነጥብ ያለው ይቅደም። በተግባር ግን የመጀመሪያው ሴሚስተር የሚለካው ትልቅ ክፍል የቀድሞ ትምህርት ቤትን ነው። በእንግሊዝኛ ማስታወሻ መያዝ የለመደ፣ ኮምፒውተር ነክቶ የሚያውቅ፣ ላፕቶፕ ይዞ የገባ ተማሪ ቀድሞ ይረጋጋል። ከወረዳ የመጣው ልጅ የአዳራሽ ትምህርት መከታተል ሲጀምር የአጋማሽ ፈተናው ደርሷል። በሁለተኛው ሴሚስተር ብዙዎች ይደርሱበታል፤ የትምህርት ክፍል ምደባ ግን የዘገየ መሻሻልን አይጠብቅም። አንድ ዓመት የፈጀው የመላመድ ጊዜ አርባ ዓመት የሚዘልቅ ሙያ ይወስናል።

ዩኒቨርሲቲው የሚታወቅበት የማኅበረሰብ ተኮር ትምህርት እዚህ ላይ ሊነሳ ይገባዋል። የጤና ተማሪዎች በተለያየ ሙያ ተቀላቅለው እንደ አጋሮና ሸቤ ባሉ አካባቢዎች ጤና ጣቢያዎች ላይ ተመድበው ይሠራሉ። ችግርን ከመንደር ለይተው ዕቅድ ያወጣሉ፣ ይተገብራሉ፣ ሪፖርት ያቀርባሉ። ቀጣሪ የሥራ ልምድ በሚጠይቅበት ገበያ ይህ ዓይነቱ ልምምድ ከምልክትነት አልፎ እውነተኛ ክህሎት ይሰጣል። የመስክ ትምህርት ብዙውን ጊዜ በበጀት እጥረት ቀድሞ የሚቆረጥ መሆኑ ያሳዝናል።

ማን ይከፍላል?

የመንግሥት ዩኒቨርሲቲ «ነፃ» ነው ሲባል መስማት የተለመደ ነው። ትክክለኛ ስሙ ክፍያው የተላለፈ ትምህርት ነው። ከ1996 ዓ.ም. ጀምሮ የሚሠራበት የወጪ መጋራት ወይም «ኮስት ሼሪንግ» ደንብ ተማሪው የምግብና የመኝታ ወጪውን ሙሉ በሙሉ፣ ከማስተማሪያ ወጪው ደግሞ ቢያንስ 15 በመቶ ከምረቃ በኋላ እንዲመልስ ያዛል። ተማሪው በየዓመቱ የውል ቅጽ ይፈርማል፤ ሥራ ሲይዝ ከወር ገቢው ቢያንስ 10 በመቶ ይቆረጣል። በ11,500 ብር ደመወዝ 1,150 ብር ነው። ዕዳው 40,000 ብር ቢሆን በ35 ወር ገደማ ያልቃል ማለት ነው።

ሥርዓቱ በመሠረቱ ከብዙ አገሮች የተማሪ ብድር ይልቅ ለድሃ ይስማማል፤ ገቢ ከሌለ ክፍያ የለም። መሰናክሉ ኦሪጅናል ዲግሪው ላይ ነው። ተመራቂው በቅድሚያ የሚሰጠው ጊዜያዊ ማስረጃ ወይም «ቴምፖ» ነው፤ ኦሪጅናሉ የሚለቀቀው ዕዳው ሲጣራ ነው። ኦሪጅናል የሚጠይቅ ቀጣሪ ወይም የውጭ ዕድል ሲመጣ ቤተሰቡ ገንዘቡን በአንድ ጊዜ መክፈል የቻለ ያልፋል፣ ያልቻለው ይቀራል። ተማሪዎች በየዓመቱ የፈረሙትን ቅጽ ቅጂ ማስቀመጥ ይኖርባቸዋል፤ ሪጅስትራር ላይ የሚያስቸግረው ብዙ ጊዜ የአንድ ዓመት ቅጽ ሲጠፋ ወይም ስም በፊደል ሲለያይ ነው።

ትልቁ የፍትሕ ጥያቄ ግን ከዚህ ያልፋል። ከማስተማሪያ ወጪው እስከ 85 በመቶ የሚደርሰው ድጎማ የሚሄደው ፈተናውን ላለፈ ነው፤ ፈተናውን የሚያልፈው ደግሞ በብዛት የተሻለ ትምህርት ቤት የነበረው ነው። ቡና የሚሸጥ ገበሬ በሚከፍለው ግብር የከተማው ልጅ ይማራል፤ የገበሬው ልጅ ራሱ ግን በር ላይ ይቀራል። በመንግሥት ድጎማ ላይ የሚነሳው ክርክር የሚጸናውም የሚፈርሰውም የገጠሩ ልጅ በምን ያህል ቁጥር ይገባል በሚለው ላይ ነው።

የግል ኮሌጆችና የመውጫ ፈተና

የመውጫ ፈተና ወይም «ኤግዚት ኤግዛም» ተማሪው የመጨረሻ ዓመቱን ሲጨርስ በኮምፒውተር የሚወስደው ነው። በየትምህርት ክፍሉ በወጣ «ብሉ ፕሪንት»፣ ማለትም ከየትኛው ኮርስ ስንት ጥያቄ እንደሚወጣ በሚያሳይ ዝርዝር መሠረት ይዘጋጃል። ማለፊያው 50 ነው፤ ያላለፈ ዲግሪ አያገኝም፣ እንደገና መፈተን ግን ይችላል። በሕግና በጤና ሙያዎች ቀድሞ የነበረ ሲሆን በሁሉም ዘርፍ የተጀመረው በሐምሌ 2015 ዓ.ም. ነው።

የዚያ የመጀመሪያ ዙር ውጤት ልዩነቱን ገሃድ አወጣው። ከመንግሥት ተቋማት ከተፈተኑት 77,981 ተማሪዎች 48,632 አለፉ፤ 62.4 በመቶ። ከግል ተቋማት ከተፈተኑት 72,203 ያለፉት 12,422 ነበሩ፤ 17.2 በመቶ። ብዙዎች ይህን የግል ኮሌጆች ማታለል ማስረጃ አድርገው ወሰዱት። ከፊሉ እውነት ነው፤ አንዳንድ ተቋማት ተማሪ ሰብስበው ውጤት ከማደል ያለፈ ሥራ አልሠሩም። ግን ሁለቱ ተቋማት የተቀበሉት ተማሪ አንድ ዓይነት አልነበረም። የግሉ ብዙ ተማሪ ቀን ሠርቶ ማታ የሚማር፣ ወይም የመንግሥት ዩኒቨርሲቲ መግቢያ ያልሞላለት ነው። ቁጥሩ የተቋሙን ጥራትና የተማሪውን መነሻ አደባልቆ ያሳያል፤ ሁለቱን ለመለየት መነሻ ውጤታቸው አንድ የሆነ ተማሪዎችን ማወዳደር ያስፈልጋል።

ጉዳቱ ግን በማያሻማ ሁኔታ ያረፈው ከኪሳቸው በከፈሉት ላይ ነው። በመንግሥት ዩኒቨርሲቲ የወደቀ ተማሪ የሞዴል ፈተናና የኮምፒውተር ክፍል ይቀርብለታል። በሱቅ ወይም በቢሮ ሥራ ላይ ሆኖ አራት ዓመት የከፈለው የማታ ተማሪ ግን የሁለተኛ ዓመት ኮርስ ለመከለስ ሌሊቱን መስጠት አለበት።

በጅማ የግል ኮሌጅ ለሚመዘገብ ሰው አንድ ነገር በዝርዝር መነገር አለበት። ፈቃድ የሚሰጠው ለኮሌጁ ስም ብቻ አይደለም፤ ለእያንዳንዱ የትምህርት ዘርፍ፣ ለደረጃው፣ ለካምፓሱና ለአሰጣጡ፣ ማለትም ለመደበኛ፣ ለማታ ወይም ለርቀት ተለይቶ ነው። አዲስ አበባ ላይ በአካውንቲንግ ፈቃድ ያለው ኮሌጅ ጅማ ላይ በነርሲንግ ላይኖረው ይችላል። ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ወረቀት የየትኛው ካምፓስ፣ የየትኛው ዘርፍ፣ እስከ መቼ የሚሠራ እንደሆነ አንብቦ ከትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣን ማረጋገጥ ያስፈልጋል። የተማሪው ስም በመግቢያ ውጤቱ መሠረት ለሚመለከተው አካል መላኩንም በመጀመሪያው ዓመት መጠየቅ ይበጃል። ክፍተቱ የሚታወቀው ብዙ ጊዜ ለመውጫ ፈተና ምዝገባ ሲደርስ ነው፤ ያኔ ደግሞ ገንዘቡም ዕድሜውም ሄዷል።

ማጥበቁ ትክክል ነበር?

የጠበቀውን ፈተና የሚደግፉ ወገኖች ጠንካራ ነጥብ አላቸው። የተሰረቀ ውጤት ሐቀኛውን ተማሪ ይበድላል፤ ሳይዘጋጅ የገባ ተማሪ ዩኒቨርሲቲውን ወደ ታች ይጎትታል፤ የዲግሪ ምልክትነት የሚመለሰውም መመዘኛው ሲታመን ነው። ተቺዎች ደግሞ መለኪያው ከመማሪያው ቀድሞ ጠበቀ ይላሉ፤ መጽሐፍ፣ መምህርና ቤተ ሙከራ ያላገኘ ልጅ ካገኘው ጋር በአንድ መቁረጫ ነጥብ ተለካ።

ሁለቱም ልክ ናቸው ብሎ ማለፍ ቀላል ነው፤ ክብደታቸው ግን እኩል አይደለም። ፈተናው ስርቆትን ማስቆሙ መመለስ የሌለበት እርምጃ ነው። የቀድሞው ከፍተኛ የማለፍ መጠን እኩልነትን አላመጣም ነበር፤ ክፍተቱን ደብቆ ወደ ዩኒቨርሲቲው፣ ከዚያም ወደ ሥራ ገበያው አሻገረው እንጂ። ስህተቱ ያለው ማጥበቁ ለብቻው እንደ ማሻሻያ መታየቱ ላይ ነው። አንድም ተማሪ ያላሳለፉት ትምህርት ቤቶች ስማቸውም አድራሻቸውም ይታወቃል። የተሻለ በጀትና መምህር ቀድሞ ወደ እነሱ ካልሄደ ፈተናው በየዓመቱ ያንኑ ውጤት ይደግማል። የኦሮሚያ ክልል ልዩ አዳሪ ትምህርት ቤቶችን መክፈቱ ጥቂት ጎበዝ የገጠር ልጆችን አድኗል። ግን ምርጡን ልጅ ከደካማው ትምህርት ቤት ማውጣትና ደካማውን ትምህርት ቤት ማሻሻል የተለያዩ ሥራዎች ናቸው፤ የመጀመሪያው የሁለተኛውን ቦታ አይሸፍንም።

ለጅማ ከተማ ውጤቱ ከትምህርትም ያልፋል። የመጀመሪያ ዲግሪ ተማሪ ሲቀንስ በግቢዎቹ ዙሪያ ክፍል የሚያከራየው፣ ፎቶ ኮፒ ቤቱ፣ ምግብ ቤቱና ባጃጁ ገበያ ያጣሉ። ዩኒቨርሲቲው ወደ ድኅረ ምረቃና ምርምር ሲያዘነብል የሚመጣው ተማሪ በቁጥር ያነሰ፣ በዕድሜ የበሰለ ይሆናል፤ ከፋይ ተማሪም ይበዛል።

በአካባቢው ደረጃ ሊሠሩ የሚችሉ፣ ትልቅ በጀት የማይጠይቁ ነገሮች አሉ። በቡና ወረዳዎች የለቀማ ሳምንታትን ያገናዘበ የትምህርት ካላንደር ማውጣት፣ ቢያንስ በጥር ወር ላመለጣቸው የ9ኛ ክፍል ተማሪዎች የሒሳብና የፊዚክስ ማካካሻ መስጠት አንዱ ነው። የ8ኛ ክፍል ክረምትን ለእንግሊዝኛ መሸጋገሪያ መጠቀም ሌላው ነው። የሳይንስ ቃላትን በአፋን ኦሮሞ፣ በአማርኛና በእንግሊዝኛ ጎን ለጎን የያዘ ጥራዝ ለዚህ ይበቃል፤ ጅማ ዩኒቨርሲቲና የጅማ መምህራን ኮሌጅ ይህን ለማዘጋጀት የሚያስፈልጋቸው ባለሙያ በእጃቸው ነው። በማኅበረሰብ ተኮር ትምህርት ወደ ወረዳ የሚወጡት ተማሪዎች ከጤና ጣቢያ በተጨማሪ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶችን ቢይዙ፣ የአንድ ፊዚክስ መምህር ጉድለት ባይሞላም ለአንድ ሴሚስተር የቤተ ሙከራ በር ይከፍታል። በግቢው ውስጥ ደግሞ የትምህርት ክፍል ምደባ ሲሠራ የሁለተኛውን ሴሚስተር ውጤት ከመጀመሪያው የበለጠ እንዲመዝን ማድረግ በአንድ የሴኔት ውሳኔ የሚቻል ነው።